ማሞ የሰጠው ደም

በጋዜጠኝነት የኖርኩት በአንድ ደንብ ነው። ያየኸውን ጻፍ፤ ያላየኸውን ጠይቅ፤ የጠየቅከው ሰው ካልመለሰልህ «አልመለሰም» ብለህ ጻፍ። ደንቡ ቀላል ስለሆነ ብዙ ነገር ተሸክሞልኛል። በግጭት፣ በጎርፍ፣ በምርጫ ሰሞን ሁሉ ሠርቼበታለሁ። አልበቃ ያለኝ አንዴ ነው፤ እሱም በአንድ ሆስፒታል ኮሪደር ላይ።

ከመጀመሬ በፊት ሁለት ነገር ልንገራችሁ። ስሞቹን ቀይሬአለሁ፤ ሆስፒታሉንም አልጠራውም። ታሪኩ የሁለት ወንድማማቾች ነው፤ ሁለቱም እንድጽፈው ፈቅደዋል። ፈቃዳቸውን የጠየቅኩት ለየብቻ ነው። ለምን ለየብቻ እንደሆነ ስትጨርሱ ይገባችኋል።

ያን ሰሞን ከደጋው ወደ አርባ ምንጭ በሚወርዱ መንገዶች ላይ ስለሚደርስ አደጋ ዘገባ እያዘጋጀሁ ነበር። ዶክተር ትርሲት የምትባል የቀዶ ሕክምና ሐኪም አብሬያት እንድውል ፈቀደችልኝ። የአርባ ምንጭ፣ የሲቀላ ሰፈር ልጅ ናት፤ አዲስ አበባ ተምራ ተመልሳ እዚሁ ትሠራለች። ፈቃዱ ግን በውል ነበር።

«የታማሚ ፎቶ የለም። ስም የለም። ውጡ ስልዎት ለምን ሳይሉ ይወጣሉ።»

«ሦስተኛው ይከብዳል» አልኳት።

«ለዚያ ነው ሦስተኛ ያደረግኩት።»

ረፋድ ላይ ታደለ በተሽከርካሪ አልጋ እየተገፋ ገባ። ኩልፎ ወንዝ ዳር ሙዝ የሚያለማ ሰው ነው፤ የሸሚዙን ደረት የሙዝ ግንድ ወተት በማይለቅ ጥቁር ነጠብጣብ አበላሽቶታል። አይሱዙ ላይ ሙዝ ሲጭን ወድቆ በግራ ጎኑ ብረት ላይ አርፏል። ሚስቱ አስቴር ጫማውን በእጇ ይዛ ትከተላለች። ከላይ ምንም ቁስል የለበትም፤ ፊቱ ግን አመድ መስሏል።

ትርሲት ሆዱን በአልትራሳውንድ አየችና ጎንበስ ብላ በዝግታ ነገረችው። «ታደለ፣ ጣፊያህ ተቀዷል። ደምህ እሆድህ ውስጥ እየፈሰሰ ነው። አሁኑኑ ከፍተን ማቆም አለብን።»

«ማሞ ይምጣ።»

«ማሞ ማነው?»

«ወንድሜ ነው። ደጋ፣ ገረሴ ነው ያለው። እሱ ሳይመጣ ቢላ እንዳይነካኝ።»

አስቴር ቀጠለችለት። ከአባታቸው ሞት በኋላ ወንድማማቾቹ ከአንድ ሳህን በልተው አያውቁም። አባትየው ለሁለቱም ብሎ የተከለውን ቀርከሃ ማሞ ብቻውን ቆርጦታል። ታደለም በወረደበት ቆላ ቀረ።

እዚህ ላይ ጎሜ የሚባለውን ነገር ለማታውቁ ልግለጽ። በጋሞ ደጋ ጎሜ ማለት የተነወረ ነገር መሥራት ነው፤ ይልቁንም ሠርቶ መደበቅ። ሳይነገር የቀረ በደል በሽታ ወይም አደጋ ሆኖ ይመለሳል ይላሉ፤ በባለቤቱ ላይ ካልሆነ በልጆቹ ላይ። መድኃኒቱ መናገር ነው። ሁሉም በሽማግሌ ፊት የያዘውን ያወጣል። አንድ የተደበቀ ነገር ከቀረ ግን ዕርቁ ዕርቅ አይደለም።

«ጎሜን አውቃለሁ» አለች ትርሲት። «እኔም የዚህ አገር ልጅ ነኝ። ግን ደምህ ወንድምህን አይጠብቅልህም።»

«ዶክተር፣ ሳልታረቅ ብሞት ለልጆቼ ነው የሚተርፈው። እኔ እችለዋለሁ። እነሱ ምን አደረጉ?»

አእምሮው የጸና አዋቂ ሰው ነው። እምቢ ካለ ማስገደድ አይቻልም። አስቴር ደወለች። ማሞ ስልኩን ሲያነሳ «ማን ልበል?» ሲል ሰማሁት፤ የወንድሙን ሚስት ቁጥር አልያዘውም ነበር። ትርሲት በደም ባንኩ የነበረችውን አንዲት ከረጢት አስመጥታ ሰቀለችለት። ተጨማሪ ስትጠይቅ ለጊዜው እንደሌለ ተነገራት።

ማሞ በሞተር ሳይክል ወርዶ ሲደርስ ታደለ ከንፈሩ ነጥቶ ነበር። ማሞ ረጅም፣ ንግግር የማያበዛ ሰው ነው። ከኋላው ጋሽ ካንኮ የሚባሉ ሽማግሌ ተፈናጠዋል። ጋቢያቸው ጭቃ ሆኗል፤ በአንድ እጃቸው የዕርቅ ምልክት የሆነውን እርጥብ ሳር፣ በሌላው ክዳን ያላት ቅል ይዘዋል።

ንግግሩ በጋሞኛ ነበር። እኔ ግማሹን እሰማለሁ፤ ሌላውን አስቴር በጆሮዬ አሟላችልኝ።

«ቀርከሃውን ለቤት ማደሻ ነው ብዬ ነበር» አለ ማሞ። «ውሸት ነው። ቤቱ ደህና ነበር። ትተኸን ስለወረድክ ተናድጄ ነው የቆረጥኩት።»

ታደለ ዓይኑን ጨፈነ። «ለአባታችን ተዝካር ለምን አልሄድክም ሲሉኝ፣ በሰው ፊት ወንድም የለኝም አልኩ።»

ጋሽ ካንኮ ሳሩን በሁለቱ እጆች ላይ አደረጉና ቅሏን ከፈቱ። የዕርቁ ማሰሪያ ይኸው ነው፤ የተጣሉት ከአንድ ቅል ይጠጣሉ።

«አይቻልም» አለች ትርሲት። «ማደንዘዣ ይወስዳል። ከጠጣ ወደ ሳንባው ይገባል።»

«ከንፈሩን ቢያስነካስ?»

«ጠብታም አይገባም፣ አባቴ።»

ታደለ ማሞን ያየዋል፤ ማሞ ቅሏን ያያል። ሽማግሌው አሰቡ። በመጨረሻ ወደ ትርሲት ዞረው እንደ ብዙ የደጋ አዛውንቶች በአማርኛ እንደ ወንድ አናገሯት።

«ልጄ፣ አንተ ሐኪም ነህ። አሁን ወደዚህ ልጅ ሰውነት ምን ይገባል?»

«ደም ብቻ።»

«የማን?»

«የሰጠ ሰው።»

«እንግዲያው የማሞ ይግባ። ከቅል ይበልጣል።»

ማሞ እጅጌውን መጠቅለል ጀምሮ ነበር። ታደለ «የእሱ ከገባ ክፈቱኝ» አለ። ትርሲት የታደለን የደም ግፊት የሚያሳየውን መሣሪያ አየችና «እሺ፣ ይገባል» አለች። «ተመርምሮ ደህና ከሆነ» የሚለውን አልጨመረችም። በኋላ ስጠይቃት ረስታው እንዳልሆነ ነገረችኝ። «ብጨምረው ኖሮ ሌላ ክርክር ይከፈታል። ጊዜ አልነበረኝም።»

ታደለ ፈርሞ ተወሰደ። እኔ ማሞ ደም ሲሰጥ አጠገቡ ቆሜ ነበር። ከረጢቱ ሲሞላ እያየ «ቀርከሃ ከመቁረጥ ይሻላል» አለኝ። ዕርቁን ለዘገባዬ መግቢያ ላደርገው በልቤ አርቅቄው ነበር። ጥሩ መግቢያ ነበር።

ብዙም ሳይቆይ ትርሲት አረንጓዴውን የቀዶ ሕክምና ልብሷን ለብሳ ከበሩ ብቅ አለች።

«ደምዎ ምን ዓይነት ነው?»

«ኦ። እሰጣለሁም፤ ባንኩ ያውቀኛል።»

«አሁን ይስጡልኝ።»

«የማሞስ?»

«ስለሱ አይጠይቁኝ።»

የገባኝ ያኔ ነው። ምን እንደተገኘበት አላወቅኩም፤ ደሙ እንደማይሆን ግን አወቅኩ። አልዋሽም፣ ለምን ሳልል መታዘዝ የሚለውን ሦስተኛውን ውል አፈረስኩ።

«ታደለ ያውቃል?»

ትርሲት ወደ ውስጥ፣ ከዚያ ወደ እኔ አየች። «ነቅቶ ነው ያለው። ብነግረው ከአልጋው ይወርዳል። ለምን ቢለኝ ደግሞ የወንድሙን ምስጢር ነው የምነግረው። ካልነገርኩት ሳይፈቅድልኝ ልከፍተው ነው።»

«ታዲያ?»

«ታዲያማ ደም ይሰጣሉ አይሰጡም?»

ሰጠሁ። የእኔም ናሙና ተመርምሮ ከረጢቱ ለታደለ ገባ። ተኝቼ ኮርኒሱን እያየሁ የማውቀውን በቅደም ተከተል ለማስቀመጥ ሞከርኩ፤ እንዲህ ማድረግ ልማዴ ነው። አንድ ሰው በአንድ ሁኔታ ፈቀደ። ሁኔታው ፈረሰ። ሐኪሟ ታውቃለች፤ እኔም አውቃለሁ፤ እሱ አያውቅም። እዚህ ስደርስ ቅደም ተከተሉ ይቆምብኛል። ደሜን ልከልክልና ሰው ይሙት? ወይስ ልስጥና በማያውቀው ልርዳው? መርፌው ክንዴ ውስጥ ስለሆነ ጥያቄው የዘገየ ነበር።

ወደ መጠበቂያው ስመለስ ማሞን አንዲት ነርስ ለብቻው ጠርታው ነበር። ከክፍሉ ሲወጣ አረማመዱ ተለውጧል። ከጎኔ ተቀመጠ። ክንዴ ላይ የተለጠፈውን ጥጥ አየው፤ የራሱንም አየ።

«ጋሼ፣ እርስዎ ነዎት የሰጡት?»

«ስለዚህ እንዳላወራ ተነግሮኛል።»

«እንግዲያው እርስዎ ነዎት» አለና ትንሽ ፈገግ አለ። ፈገግታው ግን ወዲያው ጠፋ። «ያቺ ልጅ ለማንም አይነገርም አለችኝ። ምስጢሩ ያንተ ነው አለችኝ።»

«አዎ፣ ያንተ ነው።»

«ጎሜ ላይ የኔ የሚባል የለም» አለ ማሞ፣ መሬቱን እያየ።

ታደለ ዳነ። ጣፊያው ወጣ፤ ደሙ ቆመ። በማግሥቱ ጠዋት ነቅቶ በትራስ ተደግፎ ነበር። ማሞ እግሩ ሥር ቆሟል፤ አስቴር ራስጌው ናት፤ ጋሽ ካንኮ ወንበር ላይ ናቸው። ትርሲት ቁስሉን አይታ ልትወጣ ስትል ሽማግሌው አስቆሟት።

«ልጄ፣ ዕርቁን እንድዘጋ ንገረኝ። የማሞ ደም ገባ?»

ትርሲት ጓንቷን እያወለቀች «ማሞ ሰጥቷል» አለች።

አነጋገሯን አወቅኩት። ባለሥልጣን ሲመልስልኝ ብዙ ጊዜ ሰምቼዋለሁ፤ እውነት ነው፣ መልስ ግን አይደለም። ጋሽ ካንኮም ያወቁት ይመስለኛል፤ ወደ እኔ ዞሩ።

«አንተ የወሬ ሰው ነህ። ያየኸውን ነው የምትናገር። አይተሃል?»

አምስት ሰው አየኝ። «አዎ» ብል ውሸት ነው። «አልገባም» ብል የማሞን ገበና አወጣለሁ። በሙያዬ ብዙ ጊዜ ጠይቄአለሁ፤ እንዲህ ተጠይቄ ግን አላውቅም ነበር።

«ሲሰጥ አይቻለሁ» አልኩ።

እያንዳንዱ ቃል ትክክል ነው። ማሞ ክንዱን ሲዘረጋ፣ ከረጢቱ ሲሞላ በዓይኔ አይቻለሁ። በሬዲዮ ብናገረው ማስተባበያ የሚጠይቀኝ የለም። ታደለም ፊቱ ፈታ ብሎ እጁን ወደ ወንድሙ ዘረጋ።

ማሞ እጁን አልያዘም።

«አልገባም» አለ። «ሰጥቻለሁ፤ አልገባም። ደሜ ውስጥ የጉበት በሽታ ተገኘ። እነዚህ ሰዎች ለእኔ ብለው ነው የደበቁት። ግን ደብቄ ብታረቅህ ነገ ልጅህ ቢታመም ምክንያቱ እኔ ነኝ።»

ታደለ የተዘረጋውን እጁን ቀስ ብሎ ሰበሰበ።

«ታዲያ የማን ነው የገባው?»

ማሞ በአገጩ ወደ እኔ ጠቆመ።

ታደለ እኔን አየኝ። የተቆጣ አይመስልም ነበር፤ ማን እንደሆንኩ ለማወቅ የሚሞክር ነው የሚመስለው። ከዚያ ወደ ትርሲት ዞረ። «ዶክተር፣ እሺ ብለውኝ ነበር።»

«ብዬህ ነበር።»

ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ጋሽ ካንኮ ሳሩን ከአልጋው ላይ አነሱት። «አልታሰረም» አሉ። «ዕርቁ ክፍት ነው።»

ኮሪደሩ ላይ ትርሲት በግድግዳው ተደግፋ ቆመች። «ከአልጋው ወርዶ ቢሞት ኖሮ ማንም አይጠይቀኝም ነበር» አለች። «አሁን በሕይወት አለ፤ አያምነኝም። እርስዎ ቢሆኑ የትኛውን ይመርጣሉ?» አልመለስኩላትም። በደንቤ መሠረት «አልመለሰም» ብዬ ስለራሴ እጽፋለሁ።

ከዚያ በኋላ በነበሩት ቀናት ወደ ክፍሉ እመላለስ ነበር፤ የአደጋው ዘገባ ካለቀም በኋላ። ለምን እንደምሄድ ለራሴም ግልጽ አልነበረም። ማሞ ወደ ገረሴ አልተመለሰም፤ ኮሪደሩ ላይ ያድራል። ታደለ ትርሲት ቁስሉን ስታይለት «ያማል»፣ «አያምም» ብቻ ይላታል። ከእኔ ጋር ስለ ሙዝ ያወራል። አንዴ ግን «ጋሼ፣ ከማን ጋር ተጣልተዋል?» አለኝ። ለምን እንደጠየቀኝ ስጠይቀው «ደምዎ እኔ ውስጥ ነዋ» አለ። ከወር በፊት ከአለቃዬ ጋር እንደተጋጨሁ ነገርኩት። ምክንያቱን ጠይቆ በደንብ ሰማኝ፤ ጥፋተኛው እኔ ነኝ ብሎም ፈረደብኝ።

ታደለ ከሆስፒታሉ ሊወጣ ሲል ጋሽ ካንኮ ተመልሰው መጡ። ታደለ አሁን መጠጣት ይችላል። ቅሏ ውስጥ አስቴር የሠራችው አጥሚት አለ። ማሞ ታላቅ ስለሆነ ቀድሞ ጠጣና ለወንድሙ አቀበለው።

አስቴር እጇን በቅሏ አፍ ላይ ከደነች። «በሽታ አለበት እያለን?» አለች። «ይቅር በለኝ ማሞ። ልጆች አሉኝ።»

«እውነቷን ነው» አለ ማሞ፣ ወደ ኋላ አንድ እርምጃ ሄዶ።

ትርሲት በር ላይ ነበረች። «በመጠጫ አይተላለፍም» አለች። «አብሮ በመብላትም፣ በመጨባበጥም አይተላለፍም።»

አስቴር እጇን አላነሳችም። «ያን ቀንም እሺ ብለውን ነበር።»

ታደለ ወደ እኔ ዞረ። «ጋሼ፣ ይኼኛው እውነት ነው? ወይስ እንደዚያኛው ነው?»

ከዚህ በላይ የከበደ ጥያቄ ቀርቦልኝ አያውቅም። «ሐኪም አይደለሁም» አልኩት። «እኔ ብነግርህ ከእሷ የሰማሁትን መድገም ነው።»

ትርሲት ገብታ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። ሐኪሞች በታማሚ አልጋ ላይ አይቀመጡም፤ እሷም ከዚያ በፊት ስትቀመጥ አላየሁም።

«ታደለ፣ ያን ቀን ሁለት ነገር አድርጌአለሁ» አለች። «የማሞን በሽታ ደበቅኩህ፤ የማሞ ስለነበረ ነው። እሱን ነገም እደብቃለሁ። ያን ደም እንደማላስገባ ሳልነግርህ መክፈቴ ግን ያንተን መውሰዴ ነው። የሰውነትህን ጉዳይ አንተ መወሰን ነበረብህ። ይህን በድዬሃለሁ። አሁን የምነግርህ ደግሞ ያንተ ነው። ከቅሉ ብትጠጣ በሽታው አይዝህም። ካልጠጣህም መብትህ ነው።»

ጋሽ ካንኮ ሳሩን ወደ እሷ ዘረጉላት። ትርሲት ግራ ተጋብታ ያዘችው።

ታደለ ቅሏን አየ። ከዚያ የሚስቱን ጣቶች አንድ በአንድ አነሳና ጠጣ። አልጨረሰውም፤ ለማሞ መለሰለት። ማሞ ጠጥቶ ወደ እኔ ዘረጋልኝ።

«እኔ ምን አገባኝ?» አልኩ።

«ውስጡ ነዎት እኮ» አለ ማሞ።

አጥሚቱ ቀዝቅዞ ነበር። ጠጣሁ።

እንግዲህ ምን ተለወጠ ትሉኝ ይሆናል። ብዙ ሰው ይህን ታሪክ ስነግረው ፍርድ ይጠብቃል፤ ሐኪሟ ልክ ናት ወይስ አይደለችም? ቁርጥ ያለ መልስ ብሰጣችሁ ደስ ባለኝ። አንድ ቀን ልክ ናት እላለሁ፤ ታደለ አሁን ሙዝ እየጫነ ነውና። ሌላ ቀን ደግሞ ያን የተዘረጋ እጅ ሲሰበሰብ አስታውሳለሁ። እሷ ራሷ ስትጠየቅ «ያንኑ ደግሜ የማደርግ ይመስለኛል፤ ደግሜም ይቅርታ እጠይቃለሁ» ትላለች። ሁለቱ አብረው እንዴት እንደሚሄዱ አልገባኝም። እሷም የገባት አይመስለኝም።

ስለራሴ የማውቀው ጥቂት ነው። ከዚያ ቀን በፊት ሐቅ ማለት ትክክል የሆነ ዓረፍተ ነገር ይመስለኝ ነበር። «ሲሰጥ አይቻለሁ» ካልኩ ወዲህ ትክክል የሆነን ዓረፍተ ነገር አላምነውም፤ የራሴንም ጭምር። ማሞ ጋዜጣ አያነብም። ነገር ግን እኔ ሰው እንዳይጎዳ ብዬ በሸፈንኩት ቦታ ላይ፣ እሱ በወንድሙ ፊት ለመጎዳት ቆመ። ያን ለማድረግ መብት ያለው እሱ ብቻ ነበር። እኔ ብናገረው ወሬ ይሆን ነበር። እሱ ሲናገረው ዕርቅ ሆነ። ቃሉ ያው ነው።

ስለዚህ አሁን ከመጻፌ በፊት ደንቤ ላይ አንድ ጥያቄ ጨምሬአለሁ፤ ይህ ነገር የማን ነው? ወንድማማቾቹን ለየብቻ ያነጋገርኳቸውም ለዚህ ነው፤ አንዱ ለሌላው ሲል እንዳይፈቅድ። ታደለ ወዲያው ፈቀደ። ማሞ ግን አንድ ሳምንት አሰበበት። ከዚያ ከገረሴ ደውሎ «ጻፉት፤ ግን እንደተናደድኩ ጻፉ» አለኝ።

«መቼ ነው የተናደድከው?» አልኩት።

«ያን ጠዋት እርስዎ በእኔ ፈንታ ሲመልሱ።»

ይህን አላወቅኩም ነበር። አጠገቡ ቆሜም አላየሁትም።